ሰባት ዲቪዲ ወደ አንድ ስልክ

በቤቱ ውስጥ ከእሱ የበለጠ አዋቂ ያለ የማይመስለው አባት ሁሉ ኮምፒውተር እንዳይነካ ሕግ ሊወጣበት ይገባል! አትሳቁ። ሕጉ ቢወጣ መጀመሪያ የሚይዘው እኔን ነው።

እዚህ ጭሮ ልብስ ሰፊ ነኝ። ስፌቱንም፣ ንባቡንም፣ ኮምፒውተሩንም ያስተማረኝ የለም፤ ሁሉንም ራሴ ታግዬ ነው የተማርኩት። ይህንንም ልጄ ሂክማና ታናናሾቿ በሳምንት ቢያንስ ሦስት ጊዜ እንዲሰሙት አደርጋለሁ። "ስልክ አንገት ያስደፋል እንጂ ቁም ነገር አያስተምርም" እያልኩ የምቆጣውም እኔው ነኝ። (የምቆጣው አንዳንዴ ስልኬን እያየሁ ነው... እሱን ለጊዜው እንለፈው።)

ጣጣው የጀመረው የዲቪዲ ማጫወቻችን የሞተ ዕለት ነው። ቡፌው ውስጥ ሰባት ዲቪዲ ያለ ሥራ ቀሩ። ከሰባቱ አንዱ የሠርጋችን ነው። የእኔን ሙሽርነት ለማየት የናፈቀ ሰው ያለ እንዳይመስላችሁ! ባለቤቴ ዘይነባ የምትፈልገው የአባቷን ዱዓ ነው። አማቴ፣ አላህ ይዘንላቸውና፣ ሲንቀሳቀሱና ሲናገሩ የሚታዩት በዚያ ዲቪዲ ብቻ ነው፤ ሌላ ቅጂ የለም። ቦርደዴ ያሉት እናቷ ደግሞ ዓይናቸው ደክሟል። ቴሌቪዥን አይታያቸውም፤ ስልክ ግን አፍንጫቸው ድረስ አስጠግተው ያያሉ። ዘይነባ ለሚቀጥለው ሳምንት ጁምዓ ይዛላቸው ልትሄድ ቃል ገብታለች።

"ቪዲዮ ቤት ወስደን እናስቀይረው" አለችኝ።

"እኔ እያለሁ?"

እኔ እያለሁ! እስከ ዛሬ ከአፌ ከወጡት ቃላት ሁሉ እንደነዚህ ያዋረደኝ የለም።

አሮጌው ኮምፒውተሬ ዲቪዲ ይቀበላል። አንድ ነፃ ፕሮግራም ከኢንተርኔት አወረድኩና ሥራ ጀመርኩ። አንዱን በጨረስኩ ቁጥር የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ብቅ ይላል፤ እኔም ጨዋ ሰው ነኝና "እሺ" የሚለውን እጫናለሁ። ሰባት ጊዜ ብቅ አለ፣ ሰባት ጊዜ እሺ አልኩት። ከዚያ ፋይሎቹን አንድ በአንድ ከፍቼ መጀመሪያቸውን አየሁ። ሁሉም ይሠራሉ!

"ፋይሉ ትንሽ አልሆነም?" አለች ዘይነባ።

"ማነሱ ነው እኮ ጥበቡ! ትልቁን ለስልክ ማሳነስ አይደል እንዴ መቀየር ማለት?"

እዚህ ላይ ባቆም ምናለበት... በማግስቱ ታናሽ ወንድሜ ኡመር ከመሰላ ገጠር መጣ። ማሽላው አፍርቶ ወፍ እየፈጀበት ነው። በእኛ አገር ደግሞ ያረጀ ዲቪዲ ማሳ ላይ በክር ይንጠለጠላል፤ ነፋስ ሲያዞረው ያብለጨልጫል፣ ወፍም ይሸሻል። ሰባቱንም ሰጠሁት። "ዕቃ ያለ ሥራ ማስቀመጥ ብክነት ነው" የሚል አጭር ትምህርትም ጨምሬ ሸኘሁት።

ከሳምንት በኋላ፣ ረቡዕ ከምሳ በኋላ፣ ዘይነባ የሠርጉን ቪዲዮ ስልኳ ላይ ከፈተችው። ጽጌረዳ መጣ። ሁለት ልቦች እየበረሩ መጡ። የካሜራማኑ ስም በሦስት ዓይነት ቀለም መጣ። ደግሞ ጽጌረዳ... የሙሽራው መኪና በሩቅ ብቅ ሲል፣ ቀጥ! በቃ፣ አለቀ።

"የሂክማ አባት፣ አባቴስ?"

"ቆይ፣ ይመጣሉ።"

"የት ይመጣል? አምስት ደቂቃ ነው ያለው! በል ዲቪዲውን አምጣው።"

"መሰላ ነው።"

"መሰላ ምን ይሠራል?"

"ወፍ ይጠብቃል።"

ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና "ለእማ ምን ልበላት?" ስትል ዓይኗ እንባ አቀረረ። ለስንቱ ምክር የማያልቅብኝ ሰውዬ የመሰላን የማለዳ መኪና ማጠያየቅ ጀመርኩ።

ሐሙስ በማለዳ መሰላ ደረስኩ። ሰባቱም ማሽላው መሃል ይሽከረከራሉ፤ እውነት ለመናገር ያምራሉ! በላያቸው የተጻፈውን ግን ዝናብ አጥቦታል፤ የቱ ሠርግ የቱ ፊልም እንደሆነ አይለይም።

"ሁሉንም አውርድ!" አልኩት።

"ጋሼ፣ ምነው? ወፉስ?" አለ ኡመር።

"ራስህ ቁምበት!"

"ዋላሂ፣ ሰጥቶ መቀማት ካንተ አይጠበቅም!"

እውነቱን ነው። አፍሬ፣ በገዛ እጄ የሰፋሁትን ኮት አውልቄ እንጨት ላይ ሰቀልኩለት። አንዲት ወፍ ወዲያው ትከሻው ላይ አረፈች።

ጭሮ እንደገባሁ በቀጥታ ቪዲዮ ቤት ሄድኩ። ባለሱቋ ዲቪዲዎቹን በለስላሳ ጨርቅ እየጠረገች አንድ በአንድ ሞከረች። አንደኛው አያነብም። ሁለተኛው አያነብም። ሦስተኛው ፊልም ነው። አራተኛው አያነብም... አምስተኛው ላይ ጽጌረዳ! ጽጌረዳን እንደዚያ ቀን ወድጄው አላውቅም።

"የተጠቀሙበት ነፃው ፕሮግራም ከአምስት ደቂቃ በላይ አይቀይርም እኮ፤ አልነገረዎትም?" አለችኝ የሆነውን ስነግራት።

"ነግሮኛል" አልኩ፣ "እሺም ብዬዋለሁ።"

ምስሉ አልፎ አልፎ እየተንገጫገጨም ቢሆን ሙሉው ስልኩ ላይ ገባ።

ጁምዓ ቦርደዴ። የዘይነባ እናት ስልኩን አፍንጫቸው ላይ ለጥፈው ያያሉ። ባላቸው እጃቸውን ዘርግተው፣ በዚያ ቤት በሚያናውጥ ድምፃቸው ዱዓ ያደርጋሉ። አሮጊቷ ፊታቸውን ሊዳብሱ ጣታቸውን ቢያሳርፉ ቪዲዮው ቆመ።

"ምነው ዝም አለ?"

ዘይነባ ነካችው፤ ቀጠሉ። አማቴ ሦስት ጊዜ "አሚን" አሉ፣ ሦስት ጊዜ አስደገሙ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ።

"ይሄ እስከ ዛሬ የት ነበር?"

ዘይነባ አየችኝ። ልጆቼን "እውነት ተናገሩ" ስል የኖርኩ ሰው ምን ላድርግ?

"እማማ፣ አጥፍቻለሁ። ዲቪዲውን ሳላረጋግጥ ሰጥቼው መሰላ ማሽላ ላይ ተሰቅሎ ሰነበተ። ወፍ ማስፈራሪያ ሆኖ..."

አሮጊቷ ስልኩን ከአፍንጫቸው አወረዱ።

"ወፉ ፈራ?"

"በጣም ነው እንጂ፣ እማማ።"

"እኔ ሚስቱ አርባ ዓመት ሙሉ ስፈራው ኖሬ" አሉ ስልኩን መልሰው እያስጠጉ፣ "ወፍ ምን ደፍሮት!"