ለቧንቧ የተለቀሰ ለቅሶ

ሰው መቁጠር ቀላል ሥራ የሚመስለው ተቆጥሮ ለማያውቅ ነው። በግ ሲቆጠር ዝም ብሎ ያልፋል፤ ሰው ግን ሊቆጠር ነው ሲባል ወይ ይደበቃል ወይ ይበዛል። ባለበት ልክ ሆኖ የተቆጠረ ሕዝብ ካያችሁ ንገሩኝ፤ ሱቄን ዘግቼ ሄጄ አየዋለሁ። እኔ በዕድሜዬ በቅርብ ያየሁት የአንድ ሰፈር ቆጠራ ብቻ ነው። ሰፈሩ መጀመሪያ ተደብቆ ተጎዳ፤ ቀጥሎ በዝቶ ተጎዳ። አሁን ሳስበው የሁለተኛው ይብሳል።

ሰፈሩ የኛው ነው። በጃንሆይ ጊዜ፣ በሃምሳዎቹ ዓመታት፣ ከሶዶ ወደ ሻንቶ በሚወስደው መንገድ፣ የከተማው ቤት አልቆ እንሰቱ ከመጀመሩ በፊት የነበረችውን ቁራጭ መሬት የምታስታውሱ ካላችሁ፣ እሷ ናት። ከተማው ሲያየን ገጠሬ ይለናል፤ ገጠሩ ሲያየን ከተሜ ይለናል። ማዘጋጃ ቤቱ ቆሻሻውን አምጥቶ ደጃችን ሲደፋ ከከተማው ክልል ውጪ ነን፤ ያለ ፈቃድ ጎጆ ቀለሳችሁ ብሎ ሲያፈርስብን ደግሞ ድንገት ከተማ ውስጥ እንገባለን። ጭቃ ሹሙም እንደዚያው ነው። ለመንገድ ሥራ ጉልበት ሲፈልግ የእሱ ሰዎች ነን፤ ተበደልን ብለን ስንሄድ "እናንተኮ የማዘጋጃ ቤት ናችሁ" ብሎ ፊቱን ያዞራል። እኔ አባቴ ከጉራጌ አገር መጥቶ የከፈታትን ሱቅ ወርሼ፣ ጨውና ላምባ እየሸጥሁ፣ ይህን ሁሉ ከባንኮኒው ኋላ ሆኜ አይ ነበር። ባለሱቅ ብዙ ያያል። ከማየት ሌላ ግን የሚያመጣው ነገር የለም።

የሰፈሩ ትልቁ ችግር ውሃ ነበር። የዳሞታ ተራራ በላያችን ጉም ለብሶ ቆሟል፤ ዝናቡንም የኛው ጭቃ ላይ ያወርደዋል፤ ምንጩ ግን ከገደል ሥር ነው። መውረዱ ያዳልጣል፣ መውጣቱ ወገብ ይቆርጣል። ከሁሉም ይልቅ ወገባቸው የተቆረጠው እማማ ቦጋለች ነበሩ፤ የአቶ አንጁሎ ባለቤት። ልጆቻቸው እንደ ሰፈሩ ጎልማሳ ሁሉ ሸንኮራ ቆረጣ ብለው ወደ አዋሽ ወርደው በዚያው ቀርተዋል። ስለዚህ ያን ሁሉ ዕድሜ ይዘው ውሃ የሚቀዱት ራሳቸው ናቸው። ሲመለሱ እንስራውን ከሱቄ በር ያስደግፉና ትንፋሻቸውን ይሰበስባሉ።

"ሳሮ፣ እማማ። ወገብዎ እንዴት ነው?" እላለሁ፤ ሳሮ በአገሩ ቋንቋ ሰላምታ ነው።

"ሳሮ፣ ልጄ። ወገብ ምንጭ ጋ ቀረ። እንስራ ብቻ ይዤ መጣሁ።"

እስቃለሁ። እሳቸውም ይስቃሉ። ከዚያ እንስራውን አዝለው እየተንገዳገዱ ሲሄዱ ሳቄ አፌ ላይ ይደርቃል።

እንዲህ ስንኖር አንድ ቀን ማዘጋጃ ቤቱ ቧንቧ ሊዘረጋ ነው ተባለ። ቦኖ የሚተከለው ሰው በዛ ያለበት ሰፈር ስለሆነ ቆጣሪ ይመጣል፣ ተዘጋጁ አሉን። እኛም ተዘጋጀን። እናንተ የዘመኑ ሰዎች "ታዲያ ምን ችግር አለው" ትሉ ይሆናል፤ በዚያን ጊዜ ግን ቆጠራ የሚባል ነገር ግብርን ሳያስከትል መጥቶ አያውቅም። ስለዚህ የማዘጋጃ ቤቱ ጸሐፊ አቶ በላይነህ ዣንጥላቸውን ዘርግተው ሲደርሱ፣ ወንድ የተባለ ሁሉ እንሰት ውስጥ ገብቶ ነበር። ልጆቹ "አባትህስ?" ሲባሉ "ቢጠና ገበያ ሄዷል" እንዲሉ ተመክረዋል። የሰፈሩ አባት ሁሉ በአንድ ቀን ቢጠና ሄደ። አቶ በላይነህ ጨዋ ሰው ናቸው፤ እንሰቱ ሲያስል እየሰሙ እንዳልሰሙ ሆነው፣ ያገኙትን ብቻ ጽፈው ተመለሱ። ብዙም ሳይቆይ የማዘጋጃ ቤቱ ቃል መጣ፦ በዚህ ሰፈር የሚኖሩት ጥቂት መበለቶችና ሕፃናት ስለሆኑ ለእነሱ ቧንቧ መዘርጋት አይቻልም።

አቶ አንጁሎ ይህን የሰሙ ዕለት ሱቄ መጥተው፣ የጨው ጆንያው ላይ ተቀመጡ።

"ቦጋለች ውሃ ተሸክሞ አለቀ" አሉኝ። በእሳቸው አማርኛ ሴቱም ወንዱም አንድ ነው፤ ሐዘኑ ግን ቁልጭ ብሎ ይገባል። "ክረምት መጣ። ገደል ያንሸራትታል። አንድ ቀን እዚያው ይቀራል፣ አይመለስም።"

ከዚያ ተነስተው ማዘጋጃ ቤት ሄዱና አቶ በላይነህን እግራቸው ላይ ወድቀው ለመኑ። አቶ በላይነህም አዘኑ፤ ግን እንሰት ለእንሰት መሯሯጥ ሰልችቷቸዋል። "ሰኞ ሰዉን ሁሉ ሜዳው ላይ ሰብስቡልኝ፣ እዚያው ቆሜ እቆጥራለሁ" አሏቸው።

አሁን ደግሞ ሌላ ጭንቅ። የተደበቀው ሁሉ ቢወጣ እንኳ ሜዳው አይሞላም፤ ጉልበት ያለው አዋሽ ነው። ሽማግሌዎቹ ተቀምጠው መከሩ። በወላይታ ሜዳ የሚሞላው ደግሞ በምን እንደሆነ ማንም ያውቃል። ሰርግ ጥሪ ይፈልጋል፤ ገበያም ቀኑን ይጠብቃል። ለቅሶ ግን ወሬው የደረሰው ዘመድ ሁሉ ማሳውን ጥሎ፣ ከቢጠናም ይሁን ከሻንቶ፣ እየሮጠ ይመጣል። መቅረት ከዘመድነት መውጣት ነው። እንግዲህ ሜዳው እንዲሞላ አንድ ሰው መሞት ነበረበት።

"እኔ እሞታለሁ" አሉ እማማ ቦጋለች።

የጸሎት ቤቱ ሽማግሌ ይህ ውሸት ነው፣ ኃጢአት ነው ብሎ ተነሣ። ልክ በዚያው ሰዓት ሚስቱ ከምንጭ ደርሳ እንስራዋን አውርዳ መሬት ላይ ተዘረጋች። ሽማግሌው እሷን አየና ቀስ ብሎ ተቀመጠ። አቶ አንጁሎም አይሆንም ብለው ነበር፤ እማማ ቦጋለች ግን እንደ ልማዳቸው ሳቁባቸው። "ስሞት የሚመጣውን ሰው እኔ አላየውም። አሁን ልየው። ውሃም ይመጣል።"

መልእክተኞች ወጡ። ሰኞ ረፋዱ ላይ ሜዳው በሰው ተጥለቀለቀ። እንዲህ ያለ ለቅሶ እኔ ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አላየሁም። አማኙ በመዝሙር፣ ሌላው በሙሾ፣ ሽማግሌው ጦሩን እየሰበቀ፣ ሴቱ ደረቱን እየመታ ሜዳውን ዞሩት። ከሁሉ ፊት የነበሩት ከቢጠና የመጡት የእማማ ቦጋለች ታናሽ ወንድም አቶ ላላሞ ናቸው፤ ፊታቸውን ቧጥጠው ደም በደም ሆነዋል። አቶ በላይነህ ደርሰው ይህን ሲያዩ ባርኔጣቸውን አወለቁ። ሰፈሩ ጎረቤት ሞቶበት ነው አሏቸው። እውነትም መሰላቸው። እያለቀሰ የሚቆጠር ሕዝብ ሲያጋጥማቸው የመጀመሪያቸው ስለነበር፣ በአክብሮት ዳር ዳሩን እየዞሩ፣ ከንፈራቸውን እየመጠጡ፣ ቆጥረው ቆጥረው ሄዱ።

ችግሩ የመጣው እሳቸው ከሄዱ በኋላ ነው። አቶ ላላሞ የእህቴን ፊት ልይ ብለው ወደ ቤት ሲገቡ የሚያቆማቸው አልተገኘም። እማማ ቦጋለች አልጋቸው ላይ ተቀምጠው በግድግዳው ቀዳዳ ሜዳውን ያዩ ነበር። "ሳሮ፣ ወንድሜ" አሏቸው።

አቶ ላላሞ ወጡ። ደማቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉና፣ እኛም እንድንሰማ ይመስለኛል፣ በአማርኛ ተናገሩ።

"እኔ እህቴን አለቀስሁ። ዘመዶቼም አለቀሱ። ሰው ሁለት ጊዜ አይለቀስም። እህቴ ዛሬ ሞተ፤ ከእንግዲህ እኔን አትጥሩኝ።"

ዘመድ አዝማዱን አስከትለው በመጡበት መንገድ ተመለሱ። እማማ ቦጋለች ከቤት ወጥተው በስማቸው ጠሯቸው፤ ሁለቴም ሦስቴም ጠሯቸው። ዘወር አላሉም። ከዚያ ቀን በኋላ እማማ ቦጋለች ሱቄ በር ላይ ሲያርፉ ወገባቸውን ብጠይቃቸውም መሳቅ ትተው ነበር። አንድ ቀን ብቻ እንዲህ አሉኝ፦ "ላላሞ አይወደኝም እል ነበር። ለካ ይወደኛል። ያን ቀን በጆሮዬ ሰማሁ።" ከዚያ እንስራቸውን አዘሉ።

ቧንቧውስ? ትሉኝ ይሆናል። ቧንቧውማ አልመጣም። አቶ በላይነህ ያቀረቡት ቁጥር ማዘጋጃ ቤቱን አስደነቀው፤ ሰፈራችን ወዲያው በከተማው ክልል ገባ፤ ዘበኛና ግብር ሰብሳቢ በሳምንቱ ደረሱልን። ቧንቧው ግን ለዚህ ሁሉ ሕዝብ ያ ቀጭኑ ስለማይበቃ ወፍራሙ ከአዲስ አበባ እስኪመጣ እንድንጠብቅ ተነገረን። መጀመሪያ ለቧንቧው አነስን፤ አሁን ደግሞ በዛንበት። ግብሩ ሲጠና ከሰፈሩ አቅም ያለው ቤቱን እየነቀለ ወደ ገጠር፣ ወደ ዘመዱ ሸሸ። ሰዉ በበዛበት መዝገብ ሥር ሰዉ እያለቀ ሄደ። እኔም ላምባውን በቆርቆሮ ማምጣት ትቼ በጠርሙስ አመጣ ጀመር። ተስፋ የሚባለውን ነገር ሰው ሲቆርጥ ድምፅ ያለው ይመስለኝ ነበር፤ የለውም። አንድ ቀን ጎረቤትህ በሩን በእንጨት ቸንክሮ ሲሄድ ታያለህ፣ ደህና ሁን ትለዋለህ፣ በቃ።

በሚቀጥለው ክረምት እማማ ቦጋለች ከምንጭ እንደተመለሱ ብርድ ብርድ አለኝ ብለው ጋደም አሉ። አልተነሡም። አቶ አንጁሎ ወደ ቢጠና ሰው ላኩ። መልእክተኛው ብቻውን ተመለሰ። አቶ ላላሞ በራቸው ላይ ቆመው ሰምተውት፣ "እሱን አልቅሰን ጨርሰናል" ብለው በሩን ዘጉት። መልእክተኛው ሲነግረን፣ ከበሩ ኋላ ሲያለቅሱ ሰምቻቸዋለሁ አለ። ግን አልመጡም። እሳቸው ካልመጡ ደግሞ ከዚያ ወገን ማን ይመጣል?

ሜዳው ላይ የተገኘነው የጸሎት ቤቱ ሽማግሌ፣ እኔ፣ እንደ አቶ አንጁሎ መሄጃ ያጡ ጥቂት አዛውንቶችና ሴቶች ነበርን። ዝናብ ያካፋል። መዝሙሩ ተጀምሮ መሐል ላይ ይሟሽሻል፤ የሚቀበል የለማ። በዚህ ጊዜ አቶ በላይነህ ዣንጥላቸውን ይዘው በመንገዱ ብቅ አሉ። ስለ አዲሱ ግብር ለመነጋገር መምጣታቸው ነበር፤ ቃሬዛውን ሲያዩ ግን ባርኔጣቸውን አውልቀው ወደ ሜዳው ገቡ። ግራ ተጋብተው ዙሪያቸውን አዩ።

አቶ አንጁሎ ቀና ብለው አዩዋቸው። ቁጣ አልነበረባቸውም። ቢኖርባቸው ይሻለኝ ነበር።

"ጌታዬ፣ ዛሬ ቁጠር" አሉ። "ዛሬ ቦጋለች እውነት ሞተ። ሰውም እውነት ይህ ነው። ቁጠር።"

የአቶ በላይነህ ፊት ሲለዋወጥ አየሁ፤ የአምናው ለቅሶ፣ የአምናው ቁጥር፣ ሁሉም ያን ጊዜ የገባቸው ይመስለኛል። ቃሬዛውን ልናነሣ ስንል ከአንዱ ጫፍ የሚሸከም ሰው ጎደለ። ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። አቶ በላይነህ ዣንጥላቸውን አጥፈው ለአንዲት አሮጊት ሰጡና፣ የኮታቸውን እጅጌ ሰብስበው፣ በጎደለው ጫፍ ገብተው ተሸከሙ።