መጀመሪያ የሚበላው እንግዳ

ሰው ቤቱን በብድር በሚገዛበት ሰፈር ሁሉ አንድ ጋሼ ጠቅላላ አይጠፋም። የእናንተ ሰፈር ሌላ ቅጽል አውጥቶላቸው ይሆናል እንጂ አሉ። ጎረቤቱ ተሰብስቦ አዲሱን ቤት እያየ "እንኳን ደስ አላችሁ!" ሲል፣ ኮፍያቸውን ደረታቸው ላይ ይዘው፣ ለቅሶ እንደ ደረሰ ሰው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ "ለስንት ዓመት?" የሚሉት ሰውዬ እሳቸው ናቸው።

የኛ ሰፈሯ ነርስ ይህቺን ጥያቄ የሰማችው አዲሱ ቤት በገባች በመጀመሪያው እሁድ፣ ከምሳ በኋላ ነው። እሷና ባሏ፣ የከተማ አውቶቡስ ሹፌሩ፣ ከኪራይ ቤት ወደ ኪራይ ቤት ዕቃ ሲያግዙ ኖረው ገና የራሳቸውን በር በራሳቸው ቁልፍ መክፈታቸው ነበር።

"ሃያ ዓመት ነው ጋሼ" አለች፣ ደስታዋ ፊቷ ላይ እንዳለ። "የወር ክፍያው ደግሞ ከኪራዩ ብዙም አይበልጥም።"

"ወሩን አልጠየቅኩሽም ልጄ። ጠቅላላውን ነው።"

"ጠቅላላውን ማን ያስበዋል?"

"እሱ ያስበዋል" አሉና የምግብ ጠረጴዛውን ዙሪያ ቃኙት። አራት ወንበር አለው። ሁለቱ ላይ ባልና ሚስቱ፣ አንዱ ላይ እሳቸው ተቀምጠዋል። "ያኛውስ የማን ነው?"

"የማንም። ለእንግዳ ነው።"

"ጎሽ" አሉ ጋሼ ጠቅላላ፣ ሻያቸውን ፉት እያሉ። "መጥቷል።"

ነርሷ ሳቀች። ባሏም ሳቀ። ሁለቱም ግን ወንበሩን ዘወር ብለው ሳያዩ አላለፉም።

ክቡርነታቸው ዕድሜያቸውን በሙሉ የሠሩት ባንክ፣ የብድር ክፍል ውስጥ ነው። ጡረታ ሲወጡ ሌላው ሰው አትክልት ይኮተኩታል፤ እሳቸው የሰው ቤት ይኮተኩታሉ። ሳሎኑን በአዲስ ቀለም ያሳመረው መምህር ዘንድ ገብተው ግድግዳውን በጣታቸው ዳሰስ አደረጉና "ለሱ ነው የቀባህለት?" አሉት። መምህሩ ከዚያ ወዲህ ሳሎኑ ውስጥ ሲቀመጥ እግሩን ሰብስቦ ነው። አንድ የጨርቅ ነጋዴ ደግሞ ሲመጡ አይቶ በራሱ መደብር ውስጥ ከጥቅል ጨርቅ ኋላ ተደበቀ። እሳቸው ምን ቸገራቸው፤ ለጨርቁ ነገሩት። "ስምንት ዓመት ከፈልክ አይደል? ከቤቱ ያንተ የሆነው በረንዳው ብቻ ነው።" ነጋዴው እስከ ዛሬ ሻዩን የሚጠጣው በረንዳ ላይ ነው፤ ዝናብም ሆነ ብርድ። ሰርግ ቤት የሙሽራው አባት ስለ ልጃቸው አዲስ አፓርታማ አፋቸውን ሞልተው ሲያወሩም፣ ጋሼ ጠቅላላ ሙሽራዪቱን ጠጋ ብለው "ሦስት ሆናችሁ ነው የምትገቡት፣ ታውቂያለሽ?" አሏት። ልጅቷ የት ትግባ!

ትምህርታቸው አንዲት ብቻ ናት፤ ለሰማም ላልሰማም ያስተምሯታል። በብድር ቤት ውስጥ አንድ እንግዳ አለ፤ ስሙ ወለድ ነው። ወሩ ሞልቶ ክፍያው ሲቀርብ መጀመሪያ የሚበላው እሱ ነው። እሱ በልቶ የተረፈችው ፍርፋሪ ናት ከዋናው ብድር ላይ የምትቀነሰው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ማዕዱን ሙልጭ አድርጎ ይበላል። ዕዳው ሲያንስ ሆዱም ይጠብባል፤ የሚበላው ከዕዳው ልክ ነውና። እስኪሄድ ጠብቃችሁ ብትደምሩት ግን አንዱን ቤት ለራሳችሁ፣ ሌላውን ለሱ ገዝታችሁለታል። "እንግዳ ፊት ወርቅ፣ ኋላ ብር፣ ኋላ ጨርቅ ይላሉ" ይላሉ ጋሼ ጠቅላላ፤ "እሱ ግን ሁልጊዜም ወርቅ ነው።"

ሰፈሩ ጆሮ ዳባ ልበስ ብሏል። ሲመጡ በሩን የሚዘጋ አለ፤ መንገድ የሚቀይር አለ። "እግሬ አውጪኝ፣ ጠቅላላ መጡ!" ማለት የልጆች ጨዋታ ሆኗል። በሯን የማትዘጋው ነርሷ ብቻ ናት። ለምን እንደማትዘጋ እሷም በደንብ አታውቀውም ነበር።

ነርሷ ጥላ የምትፈራ ሴት አይደለችም። የሰው ደም ሥር በጣቷ ፈልጋ መርፌ የምታስገባ፣ የሞተን ሰው ዓይን የምትከድን ሴት ናት። ነገር ግን ክፍያው ከደሞዟ በሚቆረጥበት ቀን ከሥራ ስትመለስ፣ አራተኛው ወንበር ከጠረጴዛው ትንሽ ፈቀቅ ብሎ ታገኘዋለች። ሰው ተነሥቶ የሄደበት ወንበር እንደሚሆነው። መጀመሪያ ባሏ መሰላት። ባሏ ደግሞ እሷ መስላው ኖሯል። አንድ ቀን ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ መዳፏን መቀመጫው ላይ አሳረፈች።

ይሞቃል።

የፀሐይ ሙቀት ነው እንዳትል መስኮቱ በዚያ በኩል አይደለም። ደግሞም ሙያዋ ነው፤ በሽተኛ አሁን የተነሣበትን አልጋ ሙቀት ታውቀዋለች።

"እንግዲያው ኪራይ ይክፈላ!" አለ ባሏ ስትነግረው። ሹፌር ነው፤ ከሰው ሁሉ ጋር ሲሟገት የሚውል አንደበት አለው። ይሁን እንጂ ከዚያ ቀን ጀምሮ ወደ ምግብ ክፍሉ ከመግባቱ በፊት ጉሮሮውን ይጠርጋል። የራሱ ቤት ውስጥ! አንዳንዴ ሁለቱም ምግባቸውን አቁመው ዝም ሲሉ፣ ማኘኩን ገና ያላቆመ አንድ ሰው ያለ ይመስላቸዋል። ያን ጊዜ ባልየው ሬዲዮኑን ከፍ ያደርጋል።

እንዲህ እያሉ አምስት ዓመት ሞላቸው። ነርሷ ደከማት። የቅዳሜና እሁድ ተረኛነት ጨምራ ትሠራለች፤ እግሯ አብጦ ጫማዋ አልገባ ይላታል። በዚህ መሀል አንድ አዲስ የባንኩ የብድር ክፍል ሠራተኛ ለባሏ ደወለ። ድምፁ ማር ነው። የቀረቻቸውን አሥራ አምስት ዓመት ወደ ሃያ አምስት ቢያራዝሟት፣ የወር ክፍያቸው ደህና አድርጎ ይቀንሳል። ሰኞ ጠዋት መጥቶ መፈረም ብቻ ነው።

"ታርፊያለሽ እኮ!" አላት ባሏ። "እሁድ እሁድ እንደ ሰው ትተኛለሽ። ቤቱ እንደሆነ የትም አይሄድ።"

እውነቱን ለመናገር የነርሷ ልብ ቀድሞ ፈርሟል። ዕረፍት አማራት። እንደዚያ ያማራት ነገር በሕይወቷ አልነበረም።

ቅዳሜ ከሰዓት የጋሼ ጠቅላላን ደም ግፊት ልትለካ ሄደች። በየሰው ቤት የሚገቡት ሰውዬ የሳቸው ቤት ማንም አይገባም፤ እሷም የዚያን ቀን መግባቷ የመጀመሪያዋ ነው። ሳሎኑ ንጹሕ ነው፤ መጋረጃው ግን ከማርጀቱ የተነሣ ብርሃኑን ወንፊት እንደያዘው ዱቄት ያንጠባጥበዋል። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ሳህን ቀርቧል። ሁለት ወንበር አለ። የአንዱ ትራስ በሳቸው ልክ ጎድጉዷል፤ የሌላው ከሳቸውም ይበልጥ ጎድጉዷል።

"ሰው እየጠበቁ ነው ጋሼ?"

"አልጠብቅም" አሉ፣ እጅጌያቸውን እየሰበሰቡ። "ለኪ።"

እየለካች ነገረቻቸው፤ የባንኩን ስልክ፣ ሃያ አምስቱን ዓመት፣ የሰኞውን ፊርማ። እንደ ልማዳቸው ይጮሁባታል ብላ ጠብቃ ነበር፤ መልሷንም አዘጋጅታ ነው የመጣችው። እሳቸው ግን በሌላው እጃቸው ሁለተኛውን ሳህን ወደ ባዶው ወንበር ጠጋ አደረጉት።

"እኔ ሦስት ጊዜ አራዝሜያለሁ" አሉ።

"እርስዎ?"

"እኔ። የብድር ክፍሉ ሰውዬ። አንዴ ለልጄ ትምህርት፣ አንዴ ለጣሪያው፣ አንዴ ደግሞ እንዲሁ ቀለል ይበለን ብዬ። በወር በወር ሳየው ትንሽ ነገር ነበር። ባለቤቴ ያንን መጋረጃ አትወደውም ነበር፤ የቀድሞዎቹ ሰዎች ትተውት የሄዱት ነው። 'ቤቱ የኛ ሲሆን እቀይረዋለሁ' ትላለች። ልትተክለው የፈለገችው ዛፍም ነበራት። 'የኛ ሲሆን።' እኔ ሳራዝም እሷም ታራዝማለች።" መጋረጃውን አዩት። "ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው ሞተች። የሞተችው በሱ ቤት ነው፣ ልጄ። በኛ ቤት አንድ ቀን እንኳ አላደረችም። ጠቅላላው ስንት ነው ብዬ ሰው ስጨቀጭቅ፣ የምጠይቀው ብሩን ይመስልሻል?"

ነርሷ የደም ግፊት መለኪያውን ጨርቅ ፈታች፣ መልሳ ጠቀለለች፣ ደግማ ፈታች።

"አሁን ግን ከፍለው ጨርሰዋል አይደል?"

"ከጨረስኩ ቆየሁ።"

"ታዲያ..." ወደ ሁለተኛው ሳህን አመለከተች።

"አልሄደም" አሉ፣ ስለ አማች እንደሚያወራ ሰው በቀላሉ። "የት ይሂድ? ከልጄም ከባለቤቴም ይበልጥ አብሮኝ የበላው እሱ ነው። ቢሄድስ እኔ ከማን ጋር ልብላ?"

እስከ ውጭው በር ሸኟት። ደህና ዋሉ ልትል ዘወር ስትል፣ እሳቸው አጠገቧ ቆመው ሳለ፣ ከውስጥ ማንኪያ ሳህን ሲነካ ተሰማ። አንዴ፣ ከዚያ ደግሞ ሌላ ጊዜ። ጋሼ ጠቅላላ በትህትና አንገታቸውን ሰበር አድርገው "ይርበዋል" አሉ።

ወደ ቤቷ ስትሄድ ፈርታም አልቅሳም ነበር፤ ያለቀሰችው ግን በፍርሃት አይደለም። እነሆ ይኸው ይነገር፤ ያን ነዝናዛ ሽማግሌ ትወዳቸዋለች። ያላቸውን አንድ ሐዘን ለሰፈሩ ሁሉ እየዞሩ የሚያድሉት ሌላው እንዳይገዛው ብለው እንደሆነ የገባው ሰው ባይኖርም፣ እሷ ገብቷታል።

ሰኞ ጠዋት ባልና ሚስት ባንክ ገቡ። ባለ ማር ድምፁ ወጣት ወረቀቱን ዘርግቶ፣ እስክሪብቶውን ከፍቶ ጠበቃቸው።

"አናራዝምም" አለች ነርሷ። ሌሊቱን ከባሏ ጋር ተጨቃጭቀው፣ እሱ እሺ ያላት የመጋረጃውን ነገር ከሰማ በኋላ ነው። "ይልቅ ልጠይቅህ። ከወር ክፍያችን በላይ ትንሽ ትንሽ ብንጨምር የት ይገባል?"

ወጣቱ እስክሪብቶውን ከደነ። "ለዋናው ብድር ነው ብላችሁ ካሳወቃችሁ፣ በቀጥታ ከዋናው ይቀነሳል። ካላሳወቃችሁ የሚቀጥለው ወር ክፍያ ተብሎ ይያዛል።"

"ካሳወቅን እሱ ጋ አይደርስም?"

"ማን ጋ?"

"ተወው ወንድሜ" አለ ሹፌሩ። "የቤተሰብ ጉዳይ ነው።"

የሚጨመረው ገንዘብ የነርሷ የቅዳሜ ተረኛነት ነው። እሁዷን ለራሷ አስቀረች፤ ቅዳሜዋን ለቤቱ ሰጠች። እግሯ አሁንም ያብጣል። በወሩ መጨረሻ ከሥራ ስትመለስ ወንበሩ እንደ ልማዱ ፈቀቅ ብሎ ነበር፤ መዳፏን ስታሳርፍበት ግን ለብ ብሎ አገኘችው።

በተከታዩ እሁድ ጋሼ ጠቅላላን ምሳ ጠሩ። ሰው ጠርቷቸው አያውቅም፤ ራሳቸው ናቸው የሚመጡት። ከረባት አድርገው መጡ። ሾርባው ቀርቦ፣ ዳቦው ተቆርሶ፣ ኮፍያቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

"ለስንት ዓመት?"

"ከቅዳሜዬ ጋር አሥር አይሞላም" አለች ነርሷ።

ሽማግሌው ጠቅላላውን አልጠየቁም። ጣታቸውን ከጠረጴዛው በታች ሲያጥፉ አየቻቸው፤ ሲያጥፉና ሲዘረጉ። ሒሳቡ የቤቱ አልነበረም። ፊታቸው ላይ አነበበችው፤ የቀራቸውን ዕድሜ ነው የሚደምሩት።

"ጥሩ ነው" አሉ፣ ቀስ ብለው። "እኔ ላልደርስበት እችላለሁ እንጂ ጥሩ ነው።"

"ይደርሳሉ" አለች ነርሷ። "ካልሆነ ሌላም ተራ እጨምራለሁ። ያለ እርስዎ የኛ ሆነ አንልም።"

ጋሼ ጠቅላላ መደመራቸውን በመሀል አቋርጠው ጣታቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘረጉ። ይህ በሰፈሩ ታሪክ የመጀመሪያው ነው። ሹፌሩ ተነሣና የሾርባውን ጭልፋ አንሥቶ የሽማግሌውን ሳህን ከማንም በፊት እስከ አፉ ሞላው።

አራተኛው ወንበር ተንቋቋ። ሦስቱም ሰሙ። ባልና ሚስቱ እጅ ለእጅ ተያያዙ፤ ጋሼ ጠቅላላ ግን ማንኪያቸውን ከአፋቸው ሳያወጡ፣ ወደዚያው ዞር ብለው፦

"ተራህን ጠብቅ" አሉት።