የዘሃራ ጉልበትና የእኔ ሰዓት

ሰዓት ለሁሉም እኩል ይቆጥራል የሚል ሰው ወይ ሰዓት ሻጭ ነው፣ ወይ ሚስቱ አጠገቡ ናት። እኔ መርሳ ሒሳብ አስተምራለሁ፤ ባለቤቴ ዘሃራ ወልድያ ቢሮ ትሠራለች። የምንገናኘው ቅዳሜና እሁድ ነው። መርሳ ላይ ረቡዕ ብቻውን ሁለት ቀን ይወስዳል። ወልድያ ግን ቅዳሜ ምሳ በልቼ ትንሽ ጋደም እንዳልኩ እሁድ አስር ሰዓት ይሆናል።

ነገሩን ዝም ብዬ አላለፍኩትም። ከእሷ የሚወጣ አስማታዊ ጉልበት እንዳለ ደረስኩበት፤ ጉልበቱ በበረታ ቁጥር ጊዜው ያጥራል፣ ሁለቱ ሲባዙ ውጤቱ አይለወጥም። እናንተ ሳቁ፤ ግድ የለም። እኔ ጠመኔ ይዤ፣ ወደ ወልድያ የሚያልፈውን ሚኒባስ በመስኮት ስሸኝ፣ ማረጋገጫው ደረቴን ሲበላው ይሰማኛል።

ከቀመሩ የወጣው መደምደሚያ አንድ ነው፦ ዘሃራ ወደ መርሳ ትዛወር። በስሟ የጻፍኩት ማመልከቻ ሁለት ዓመት ሙሉ ከጠረጴዛ ጠረጴዛ ሲንከራተት ከረመ። ጉልበት አንሶታል አልኩ። ባለፈው እሁድ ከግራና ከተማ ወልድያ ለዘመድ ጥየቃ የመጡትን አጎቷን፣ ሐጂ ይመርን፣ ዱዓ እንዲያደርጉልን ለመንኳቸው። ሽማግሌን ይህን በሉ፣ ያንን በሉ ማለት ነውር መስሎኝ «ስለ ሥራዋ ነው» ብቻ አልኩ። እኛ አገር ሲመረቅ መዳፍ ዘርግቶ አሚን ማለት እንጂ ማቋረጥ የለም።

ሐጂ ከዝናቡ ጀመሩ። ሰብሉን፣ ከብቱን፣ አገሩን፣ መንገደኛውን አዳረሱ። እኔ አሚን ስደራርብ ጉልበቱ ሲጠራቀም ታወቀኝ።

«ይቺን ልጄን ወልድያ ላይ ያስከብርልኝ። ወንበሯን ያጽናላት። ከዚህ ሊነቅላት የሚነሳውን እግሩን ይሰርልኝ።»

ከሁሉም ጮክ ብሎ አሚን ያለው እኔ ነበርኩ።

ከገባኝ በኋላ፣ «ሐጂ፣ የፈለግነው እኮ ወደ መርሳ እንድትመጣ ነው። ያቺን የመጨረሻዋን ቢያነሷት» አልኳቸው።

«አሚን ብለሃል፣ መምህር። ይሄ ሰሌዳ አይደለ፣ በዳስተር አይጠፋ።»

ዘሃራ እስከ መናኸሪያው በባጃጅ ሸኘችኝ። ነጠላዋን ወደ አፏ ስባ ሳቋን ስትይዝ ቆየችና፣ «እዚህ ቀመርህ ውስጥ አንተ አትንቀሳቀስም?» አለችኝ።

ሃያ ዓመት እኩልታ አስተምሬ፣ የሚንቀሳቀሰው ሁልጊዜ እሷ እንደሆነች አድርጌ ነበር የጻፍኩት።

ሰኞ ወደ ወልድያ ልዛወር ብዬ በራሴ ስም አመለከትኩ። ምክንያት በሚለው ቦታ ቀመሩን ልሞላ አሰብኩና ተውኩት፤ «ሚስቴ ናፈቀችኝ» ብዬ ፈረምኩ። ርዕሰ መምህሩ ደጋግመው አነበቡት። ከዚያ ጠርዙ ላይ በቀይ ጻፉበት፦ «ማስረጃ ይያያዝ።»