የግሌብ ዛሩቢን መርዶ

ሐበሻ በተሰበሰበበት አገር ሁሉ አንድ ራሽያ የተማረ ሰው አይጠፋም። ሰሎሜ ለምትኖርበት የዌስተን ቢልዲንግ የደረሱት ጋሽ ኪሩ ናቸው፤ በሙያቸው ኢንጂነር፣ በጡረታቸው ደግሞ የክቡር አርቲስት ግሌብ ዛሩቢን ልዩ መልእክተኛ።

ግሌብ ዛሩቢን ማነው? ኧረ አይጠየቅም! ሰሎሜ አንዴ ኤሌቬተር ውስጥ ተሳስታ ጠይቃ፣ ስኩል ባስ የምትነዳበት ሺፍት አምልጧታል። በወጣትነቱ በፊልም መርከበኛ ሆኖ ሠራ፤ የሶቪየት ሴት በሙሉ አበደለት። ጎልመስ ሲል የፋብሪካ ኃላፊ፣ ሲሸብት ጄኔራል ሆነ። «አክተር ማለት እሱ ነው!» ይላሉ ጋሽ ኪሩ። ከዚያ ሶቪየት ፈረሰችና ፊልም ጠፋ፤ ሰውዬው የሾርባ ማስታወቂያ ሠራ። እዚህ ላይ ጋሽ ኪሩ ሁልጊዜ ድምፃቸው ይሰበራል። «ያ ጄኔራል፣ ማንኪያ ይዞ!»

ዋናው ግን አንድ ፊልም ነው። ያኔ ፊልም ሠሪዎቹ ጥቁር ሰው ሲቸግራቸው ከተማሪዎች ማደሪያ እየመጡ ይወስዱ ነበር። ጋሽ ኪሩም የሆቴል አስተናጋጅ ሆነው የግሌብን ሻንጣ ተቀበሉ። ቀረጻው ሲያልቅ ግሌብ ኮታቸው ስስ መሆኑን አይቶ የገዛ ሻርፑን አንገታቸው ላይ ጠመጠመላቸው። ከዚያ ወዲህ አልተገናኙም። «ወንድሜ ነው» ይላሉ ጋሽ ኪሩ። ሚስት የለ፣ ልጅ የለ፤ አንዲት እህታቸውም ካረፉ ቆዩ። ወንድሜ የሚሉት እሱን ብቻ ነው።

ሰው ግን ሰለቸ። ጎረቤታቸው ያፌት «ጄኔራሉ መጡ!» እያለ በደረጃ እግሬ አውጪኝ ይላል።

ባለፈው ዊንተር ሰሎሜ ስልኳ ላይ የግሌብን ፎቶ ከሻማ ጋር አየች። ሞቷል። ለያፌት ኮል አደረገችለት። መጀመሪያ ሁለቱም ሳቁ፤ ከዚያ ሳቁ ከየት መጣ ብለው አፈሩ።

«ብቻቸውን ኢንተርኔት ላይ አይተውት ቢወድቁስ?» አለች።

«ታዲያ ምን እናድርግ?»

«እንደ ሰው ማርዳት ነዋ!»

በማግስቱ ገና ሳይነጋ ጎረቤቱ ተጠራርቶ፣ ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው የጋሽ ኪሩን በር አንኳኩ። ጋሽ ኪሩ ከፍተው ያን ሁሉ ሰው ሲያዩ ግድግዳውን ያዙ።

«ምነው? ማን አረፈ? እኔ እኮ የቀረኝ ሰው የለም!»

ያፌት ጉሮሮውን ጠረገ። «ጋሽ ኪሩ፣ እንግዲህ ሞት ለማን ይቀራል… ግሌብ አርፏል።»

ያፌት ይሰድቡኛል ብሎ ነበር የፈራው። እሳቸው ግን «ወንድሜን! ወንድሜን!» ብለው ወለሉ ላይ ተቀመጡ። ሴቶቹ አለቀሱ፤ ለይምሰል አይደለም። ሰሎሜም አይታው ለማታውቀው ፈረንጅ ሳይሆን፣ ወለል ላይ ለተቀመጡት ሽማግሌ አለቀሰች።

ለቅሶው ሲበርድ ጋሽ ኪሩ ፊታቸውን በእጅጌያቸው ጠረጉና አንድ በአንድ አዩዋቸው።

«እግዚአብሔር ይስጥልኝ። የእሱን ለእኔ አረዳችሁ። የእኔንስ ለማን ታረዳላችሁ?»

ሰሎሜ ከሰዉ መሀል ወጥታ አጠገባቸው ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

«ለእኔ ነዋ፣ አባቴ» አለች። «ጎረቤቱ ሁሉ ማልዶ መጥቶ የእኔን በር ነው የሚያንኳኳው።»