አጥንት አዋቂው

ተረት ተረት ስል «የላም በረት» የሚለኝ አይጥፋ፤ በረቱስ አለ፣ ላሚቱን ግን ጅብ በልቷታል።

በአንድ ጫካ የጅቦች አገር የሚዳቋዎችን ሸለቆ ወግቶ ሕፃን ሽማግሌ ሳይል ፈጀ። እመት ሚዳቋም አንዲት ልጇን አጣች። ከልጅቷ የተረፈችው ትንሽ ኮቴ ብቻ ነበረች፤ እሷን በአፏ ይዛ ስትዞር ከረመች።

ጦርነቱ ሲያበቃ የሥጋ በል አገሮች ሁሉ አንድ ሾላ ዛፍ ሥር ለፍርድ ተሰየሙ። አያ አንበሶ የመሃል ዳኛ፣ ነብር የቀኝ፣ አዞ የግራ ሆኑ። አዞማ ክሱ ሳይሰማ ማልቀስ ጀምሮ ነበር።

«በሕጋችን አጥንት ያላመጣ አልተበደለም» አሉ አያ አንበሶ።

እመት ሚዳቋ ኮቴዋ ብቻዋን እንዳታንስባት ፈርታ፣ ሸለቆውን አስሳ ያገኘችውን አጥንት ሁሉ ለቅማ ፊታቸው ከመረችው። ኮቴዋንም ከላይ አስቀመጠች። የዋህ ናት፤ ዳኛ ያየች ቀን ፍርድ ያየች ይመስላታል።

ተከሳሹ አያ ጅቦ ክምሩን አሸተተና ከልቡ ተቀየመ።

«ጌቶቼ፣ ስሜን አታጥፉት። ኮቴዋ የኔ ናት፤ ቸኩዬ ነው የጣልኳት። ግን ጅብ አጥንት ሲተው ማን አይቷል? ሥጋውን በልቶ አጥንቱን ጥሎ የሚሄደው ማን እንደሆነ… እኔ ትንሽ ነኝ፣ አልናገርም።»

ሸንጎው ሁሉ አያ አንበሶን ላለማየት ሰማይ ሰማዩን ያይ ጀመር። እመት ሚዳቋ ብቻ አየቻቸው። እናቷ ወጥተው የቀሩት እሳቸው ሰፈር እንደነበር ትዝ አላት።

ነብር ጉሮሮውን ጠረገ። «የድሮ አጥንት ታሪክ ነው፤ ወንጀል የሚባለው የዘንድሮው ነው። ሁለቱ ስለተቀላቀሉ በአዋቂ ይለዩ።»

አገር ቢታሰስ ከአያ ጅቦ የተሻለ የአጥንት አዋቂ አልተገኘም። እሱም አደራውን አክብሮ አንድ በአንድ በጥርሱ መረመረ፤ ኮቴዋንም ሳይረሳ። ምርመራው ሲያልቅ የሚታይ አጥንት ስላልነበረ ክሱ ማስረጃ በማጣት ተዘጋ። አዞም እንባውን ጠረገ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ይባላል፤ የእመት ሚዳቋን ግን ዳኞቹ ናቸው ያስጣሏት።

አያ አንበሶ ሊሄዱ ሲነሱ «እንግዲህ አቤቱታሽን ሰማንልሽ፤ ደስ ይበልሽ» አሏት።

«ይስጥልኝ፣ ጌታዬ» አለች፤ አፏ ባዶ ነበር። «ልጄን በጦርነት በላት። ኮቴዋን ግን በሕግ ነው የበላት።»