የሰለሞን ከበደዎች

ዘመድ የሚለቅም ሰው አጋጥሟችሁ ያውቃል? እኔ አንድ ወዳጅ አለኝ። ሰለሞን ከበደ ይባላል፤ አሜሪካ፣ ኮሜርስ ሲቲ በምትባል ከተማ ካለ መጋዘን ዕቃ ማንሻ ፎርክሊፍት ይነዳል። አሜሪካ የአባቱን ስም «ላስት ኔም»፣ የቤተሰብ ስም፣ ብላ ብትመዘግብለት፣ እሱ ከበደ የተባለን መኮንን ሁሉ ከኢንተርኔት እየሰበሰበ ዘመድ አደረገው።

ሎውሪ የሚባል ሰፈር ያለው ቤቱ ሳሎን የጦር ጠቅላይ ሰፈር መስሏል። ግድግዳው ላይ በፎቶ ፊታውራሪ ከበደ ጋሻቸውን ይዘው፣ የባሕር ኃይሉ ኮማንደር ከበደ ነጭ ለብሰው፣ ጄኔራል ከበደ ደግሞ ከቴሌቪዥኑ በላይ። ሰፈሩ ድሮ የአየር ኃይል ካምፕ እንደነበር የሰማ ዕለትማ፣ «አየህ፣ ደም ይስባል!» አለኝ።

እስቲ ፍረዱኝ። የአያቱ ስም ወልዴ ነው። እኛ የምንጠራው በአባታችን ስም ነው፤ ታዲያ ከአባቱ በላይ ያለው ከበደ ከየት መጣ? በስም ከሄድንማ የአውሮራ ከተማ ሐበሻ ግማሹ ወንድሙ ነው። ይህን ብነግረው «ቀንተህ ነው» አለኝ።

በቀደም እናቱ ከደብረ ብርሃን መጡና እንኳን ደህና መጡ ልል ሄድኩ። እማማ ግድግዳውን ቀስ ብለው ያያሉ።

«እኚህ ማናቸው?»

«ጄኔራል ከበደ ናቸው፣ እማዬ። ዘመዳችን።»

«እኚህስ?»

«ኮማንደር ከበደ።»

እማማ እስከ ጥጉ ሄደው ተመለሱ።

«የኔ ከበደስ የታለ?»

የሳቸው ከበደ፣ ወፍጮ ቤት እየሠሩ ሰለሞንን ያሳደጉት አባቱ ናቸው። ሰለሞን ተነሥቶ ጄኔራሉን ከሚስማሩ አወረደ፤ በቦታው የሚሰቅለው ግን አልነበረውም።