ጋሽ ሞላ ብስክሌት ሲያስረዱ

«አላውቅም» የሚባል ቃል ከአፉ የማይወጣ ሰው እናንተ ሰፈር የለም? እኛ መካነ ሰላም ጋሽ ሞላ አሉን። ዕድሜያቸውን በበቅሎ ጀርባ ላይ ስለጨረሱ፣ የዓለምን ነገር ሁሉ በበቅሎ ነው የሚያስረዱት።

በቀደም ለጎረቤቴ ልጅ ለዘምዘም ብስክሌት ተገዛላት። ጋሽ ሞላ ወዲያው የሰፈሩን ልጆች ሰበሰቡ።

«ይሄ ኮርቻው ነው፤ ይሄ ደግሞ እርካቡ። እርካቡን ስትረግጡት ሰንሰለቱ የኋላውን ጎማ ያዞረዋል።»

እውነቱን ለመናገር፣ እስከዚህ ድረስ ከሳቸው የተሻለ ያስረዳኝ መምህር የለም።

«ስንፈልግ በምን እናቆማታለን?» አሉ ልጆቹ።

«ልጓሟን መሳብ ነዋ።»

ይህን ብለው በግራ በኩል ወጡባትና ቁልቁለቱን ተያያዙት። መሪውን በሁለት እጃቸው ወደ ደረታቸው እየሳቡ፣ «ቀስ፣ ቀስ» እያሏት ወረዱ። ያቆማቸው ከታች ያለው የጤፍ ጭድ ክምር ነው።

ሮጠን ደረስን። ዘምዘም ብስክሌቷን አነሳችና ፍሬኑን ጨበጥ አድርጋ ሞከረችው።

«ጋሼ፣ ፍሬኗ እኮ ደህና ነው። እኔ ስነዳት ትቆማለች።»

ጋሽ ሞላ ጭዱን ከጋቢያቸው ላይ እያራገፉ መለሱላት።

«አንቺንማ ለምዳሻለች።»